ካካዎ የለቀሙ እጆች

በደቡብ ምሥራቅ ኢኳዶር፣ የአንዲስ ተራሮች ወደ አማዞን ጫካ በሚወርዱበት ዳገት ላይ፣ ሳንታ አና ላ ፍሎሪዳ የሚባል የጥንታዊ መንደር ፍርስራሽ አለ። ከ5,300 ዓመት በፊት እዚያ ይኖር የነበረው ሕዝብ ሙታኑን የሚቀብረው ከሸክላና ከድንጋይ ዕቃ ጋር ነበር። ተመራማሪዎች ከእነዚያ ዕቃዎች የተፋቀውን ቅሪት መረመሩና በ2018 ውጤቱን አሳተሙ (በዚህ ጽሑፍ ያለው ዘመን ሁሉ እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር ነው)። የካካዎ ስታርች ተገኘ፤ የካካዎ ዘረመል ተገኘ፤ ቴዎብሮሚን የተባለው የካካዎ ንጥረ ነገርም ተገኘ። የቸኮሌት ታሪክ ከሜክሲኮ ይጀምራል ሲባል ለኖረው ይህ ትልቅ እርማት ነው። ዛፉ አማዞን የበቀለ ነው፤ ሰውም መጀመሪያ የተላመደው እዚያው ነው።

ካካዎ ሙቀትና እርጥበት ካላገኘ አይሆንለትም። ከምድር ወገብ ወደ ሰሜንም ሆነ ወደ ደቡብ ከ20 ዲግሪ እምብዛም አይርቅም፤ ከትልልቅ ዛፎች ጥላ ሥር መሆን ይወዳል። አበባው ጥቃቅን ሲሆን የሚፈነዳውም ከግንዱ ላይ ነው፤ ፍሬው እዚያው ግንዱ ላይ ተንጠልጥሎ ያድጋል። የበሰለውን ፍሬ በቆንጨራ ሲሰነጥቁት ነጭና ጣፋጭ ሥጋ የለበሱ ከ30 እስከ 40 የሚሆኑ ዘሮች ይወጣሉ። ሥጋው ይመጠጣል። ዘሩ ግን ጥሬውን ቢታኘክ ምሬቱ ፊት ያስኮሳትራል፤ የቸኮሌት ሽታም ጣዕምም የለውም። ያ ጣዕም የሚመጣው ዘሩ ከነሥጋው ተከምሮ ለቀናት ሲብላላ ነው። ዛሬ በምዕራብ አፍሪካ ገበሬው በሙዝ ቅጠል ይሸፍነዋል፤ ክምሩ ከውስጥ ይግላል፣ ሆምጣጤ ሆምጣጤ ይሸታል፤ ከአምስት እስከ ሰባት ቀን ባለው ጊዜ ውስጥ የዘሩ ቀለም ይጠቁራል። ከዚያ ፀሐይ ላይ ይሰጣል። በኋላ የሚመጣው መቁላትና መፍጨት ምንም ያህል ቢራቀቅ፣ በዚያ ክምር ውስጥ ያልተፈጠረን ጣዕም አይፈጥርም። የቸኮሌት የመጀመሪያው ባለሙያ ገበሬው ነው የምለው ስለዚህ ነው።

ከክርስቶስ ልደት በፊት በ1900 ዓመት ገደማ ካካዎ በሜክሲኮ የፓስፊክ ዳርቻ ይጠጣ ነበር። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ1100 ዓመት ገደማ ደግሞ በሆንዱራስ፣ ፖርቶ ኤስኮንዲዶ በሚባል መንደር የተገኙት ባለ ረጅም አንገት ማሰሮዎች ካካዎ ይዘው እንደነበር ታውቋል። ቆፋሪዎቹ እንደሚገምቱት በዚያ ማሰሮ የነበረው ከነጩ ሥጋ የተጠመቀ አስካሪ መጠጥ ነው። ሰው መጀመሪያ የፈለገው ሥጋውን ነበር ማለት ነው፤ ዘሩን መቁላትና መፍጨት ቆይቶ የመጣ ጥበብ ነው።

ያን ጥበብ ከፍ ካለ ደረጃ ያደረሱት የማዕከላዊ አሜሪካ ሕዝብ የሆኑት ማያዎች ናቸው። በ1984 በጓቲማላ፣ ሪዮ አዙል በተባለ ቦታ፣ ከአምስተኛው መቶ ክፍለ ዘመን መቃብር አንድ ማሰሮ ወጣ። ክዳኑ ተጠምዝዞ የሚዘጋ ነው፤ ዙሪያውን የማያ ጽሕፈት ተሥሎበታል። ገና በወጣትነቱ የማያን ጽሕፈት በማንበብ ስሙ የተጠራው ዴቪድ ስቱዋርት ከምልክቶቹ አንዱን «ካካዎ» ብሎ አነበበው። ከማሰሮው ሥር የተፋቀው ቅሪት ወደ አሜሪካው የቸኮሌት ኩባንያ ወደ ኸርሺ ቤተ ሙከራ ተላከ፤ ቴዎብሮሚንና ካፌይን ተገኘበት። ከ1,500 ዓመት በፊት አንድ ጸሐፊ በዕቃው ላይ የጻፈውና በዕቃው ውስጥ የነበረው አንድ ሆኖ ተገኘ።

ማያዎች ከሁሉ አብልጠው የሚወዱት አረፋውን ነበር። በፕሪንስተን ዩኒቨርሲቲ ሙዚየም በሚገኝ የስምንተኛው ክፍለ ዘመን አካባቢ ማሰሮ ላይ አንዲት ሴት ቆማ ትታያለች፤ በእጇ ካለው ዕቃ መሬት ላይ ወደተቀመጠው ሌላ ዕቃ መጠጡን ከከፍታ ታንቆረቁራለች። ከዕቃ ወደ ዕቃ ሲገለበጥ አረፋው ይነሳል። በፊት ግን ዘሩ ተቆልቶ፣ ተፈትጎ፣ ሴቶች ተንበርክከው በድንጋይ ወፍጮ ፈጭተውታል። ከሥር በእሳት በዝግታ የሚሞቅ ወፍጮ ላይ ዘሩ ቅባቱን እየለቀቀ ወደ ጥቁር ሊጥ ይለወጣል። ውኃ፣ በርበሬ፣ ቫኒላ፣ ሽታ ያለው አበባ፣ አንዳንዴም የበቆሎ ዱቄት ይገባበታል። ስኳር የሚባል ነገር አይታወቅም ነበር።

አዝቴኮች ሜክሲኮን ሲገዙ ካካዎ የመኳንንት፣ የጦረኞችና የነጋዴዎች መጠጥ ሆነ። የአዝቴክ ዋና ከተማ ደጋ ላይ ስለሆነ ዛፉ እዚያ አይበቅልም፤ እንደ ሶኮኑስኮ ካሉ ቆላማ አገሮች በግብር ይመጣል። የአንድ ሸክም መጠን በቁጥር የታወቀ ነበር፤ 24,000 ዘር። ጋማ ከብት ስላልነበር ይህ ሁሉ በሰው ጀርባ ነው ተራራ የሚወጣው። ዘሩ የሚቆጠረው ደግሞ ገንዘብም ስለሆነ ነው። እስፓኞች ከገቡ በኋላ በ1545 በትላክስካላ የተጻፈ የገበያ ዋጋ ዝርዝር ዛሬም አለ፦ ተርኪ የምትባለው ትልቅ ዶሮ እንስቷ 100 ዘር፣ እንቁላሏ 3፣ ከዛፍ የወረደ አቮካዶ 3፣ ትልቅ ቲማቲም 1። ገንዘብ ባለበት ሐሰተኛ ገንዘብ አይጠፋምና የካካዎውን ልጣጭ ባዶ አድርገው በሊጥ ወይም በሰም የሚሞሉ አታላዮች እንደነበሩ መነኩሴው በርናርዲኖ ዴ ሳሃጉን መዝግቧል። አንድ የአዝቴክ ጌታ ጽዋውን ሲያነሳ ገንዘቡን ቆልቶና ፈጭቶ እየጠጣ ነበር።

አውሮፓዊ ካካዎን መጀመሪያ ያየው በ1502 ነው። ኮሎምበስ በአራተኛውና በመጨረሻው ጉዞው ከሆንዱራስ ዳርቻ ማዶ በምትገኘው ጓናሃ ደሴት አጠገብ አንድ ትልቅ የነጋዴ ታንኳ ያዘ። በጨርቅና በመዳብ ዕቃ መሀል ለውዝ የሚመስሉ ዘሮች ነበሩ። አብሮት የነበረው ልጁ ፈርናንዶ በኋላ እንደጻፈው ከእነዚያ ዘሮች አንዱ መሬት ሲወድቅ ሰዎቹ ሁሉ ዓይናቸው የወደቀ ያህል ተሻምተው ያነሱት ነበር። ኮሎምበስ ነገሩን ሳይረዳ አለፈ። ከ17 ዓመት በኋላ እስፓኛዊው የጦር መሪ ኮርቴስ ሜክሲኮ ሲገባ ግን ወታደሮቹ የአዝቴኩን ንጉሥ የሞክቴዙማን ግብዣ አዩ፤ የካካዎውን ጎተራም አገኙ።

መጠጡን እስፓኞች ወዲያው አልወደዱትም። መራራ ነው፣ በርበሬ አለበት፣ ከንፈር ያቀላል። ጣሊያናዊው ጂሮላሞ ቤንዞኒ ለእሪያ እንጂ ለሰው የሚሆን አልመሰለኝም ብሎ ጽፎ፣ ወይን ጠጅ ሲያጣ ግን እሱም ጠጥቶታል። እየቆዩ ስኳርና ቀረፋ ጨመሩበት፣ ሞቅ አድርገው ያዙት፣ አረፋውን ከከፍታ በማንቆርቆር ፈንታ በእንጨት መምቻ እያሹ ማስነሳት ጀመሩ። በ1544 የዶሚኒካን መነኮሳት የኬክቺ ማያ መኳንንትን ይዘው ወደ እስፓኝ አልጋ ወራሽ ፊሊፕ ሲቀርቡ ካመጡት ስጦታ መካከል ቸኮሌት ነበር። ለሽያጭ የተጫነ ካካዎ ሴቪሊያ ወደብ ደረሰ ተብሎ የሚጠቀሰው በ1585 ነው።

በዚያ ጊዜ ዛፉን የተከሉት ሰዎች እያለቁ ነበር። አውሮፓውያን ያመጡት ፈንጣጣና ኩፍኝ የሶኮኑስኮን ሕዝብ ጨረሰው፤ ግብሩ ግን አልቀረም። በሕይወት የተረፈው ለሞተውም ጭምር እንዲከፍል ተገደደ። የካካዎን ታሪክ የሚተርኩ ብዙ መጻሕፍት ከሞክቴዙማ የወርቅ ጽዋ በቀጥታ ወደ ማድሪድ ቤተ መንግሥት ይሻገራሉ። በመካከሉ ባዶ የቀሩትን መንደሮች መዝለል ትክክል አይመስለኝም።

ቅኝ ገዢዎቹ በቸኮሌት ምን ያህል እንደተያዙ ቶማስ ጌጅ የተባለ የዶሚኒካን መነኩሴ የነበረ እንግሊዛዊ በ1648 ባሳተመው መጽሐፍ ይነግረናል። ቦታው ዛሬ ሳን ክሪስቶባል ዴ ላስ ካሳስ የምትባለው የቺያፓስ ከተማ ናት። የእስፓኝ ወይዛዝርት ሆዳችን ይደክማል እያሉ፣ ቅዳሴው ሳያልቅ ገረዶቻቸው ትኩስ ቸኮሌት ቤተ ክርስቲያን ድረስ ያመጡላቸዋል። ስብከቱ ይታወካል። ጳጳሱ በርናርዲኖ ዴ ሳላሳር መከሩ፣ ለመኑ፤ አልሰማ ሲሏቸው በቤተ ክርስቲያን የሚጠጣውን አወገዙ። አንድ ቀን ካህናቱ ጽዋውን ከገረዶቹ እጅ ሊነጥቁ ሲሉ ሰይፍ እስከ መመዘዝ ተደረሰ። ሴቶቹም ካቴድራሉን ትተው ወደ ገዳማቱ ሄደው ማስቀደስ ጀመሩ። ብዙም ሳይቆይ ጳጳሱ ታመው ሞቱ። ጌጅ እንደሚለው የተመረዙት በቸኮሌት ነው፤ «የቺያፓስን ቸኮሌት ተጠንቀቅ» የሚል አነጋገርም ከዚያ ወዲህ በአገሩ ተሰራጨ።

ቸኮሌት ጾም ይገድፋል ወይስ አይገድፍም የሚለው ክርክር ደግሞ ከአንድ ከተማ አልፎ ሮም ደረሰ። ሁዳዴን ጾሞ ያደገ አንባቢ የዚህ ክርክር ክብደት አይጠፋውም። በካቶሊኮች ሥርዓት የጾም ቀን ጠጪ ጾሙን አያፈርስም፤ በላተኛ ግን ያፈርሳል። ታዲያ ሰውን ቀኑን ሙሉ አጥግቦ የሚያውል፣ ቅባት የሞላበት፣ ወፈር ያለ ነገር መጠጥ ነው ወይስ ምግብ? ዶሚኒካኖች ምግብ ነው ወደሚለው አዘነበሉ፤ ኢየሱሳውያን መጠጥ ነው አሉ፤ ኢየሱሳውያን ራሳቸው በካካዎ ንግድ እጃቸው ነበረበት። አንቶኒዮ ዴ ሌዎን ፒኔሎ የተባለ የሕግ ሰው በ1636 ማድሪድ ላይ ለዚህ ጥያቄ ብቻ አንድ መጽሐፍ ጻፈ። በ1660ዎቹ ካርዲናል ፍራንቼስኮ ማሪያ ብራንካቾ በውኃ የተበጠበጠ ቸኮሌት መጠጥ ስለሆነ ጾም አይሽርም ብለው ደመደሙ። ይህ በሞቃት አገር የተጀመረ መጠጥ በካቶሊክ አውሮፓ ያን ያህል ሊስፋፋ የቻለበት አንዱ ምክንያት እዚህ ላይ ይመስለኛል፤ ለረጅሙ ጾም ብርታት የሚሆን ነገር ተገኘ።

ለንደን ውስጥ አንድ ፈረንሳዊ የቸኮሌት ቤት መክፈቱ በጋዜጣ የታወጀው በ1657 ነው። የከተማዋ የመጀመሪያ ቡና ቤት ከተከፈተ ገና አምስት ዓመቱ ነበር። ከኢትዮጵያ ደን ተነስቶ በየመንና በኦቶማን ከተሞች አልፎ የመጣው ቡና፣ ከአትላንቲክ ማዶ ከመጣው ካካዎ ጋር በአንድ ጠረጴዛ ላይ የተገናኙት እንዲህ ባሉ ቤቶች ነው። ፖለቲካ ስለሚወራባቸው ንጉሥ ቻርልስ ዳግማዊ በ1675 መጨረሻ ሊዘጋቸው አዋጅ አወጣ። ጩኸቱ ስለበረታ አዋጁን በቀናት ውስጥ መለሰው።

ጠጪው በበዛ ቁጥር ካካዎ የሚያመርት ጉልበት ተፈለገ። የአገሬው ሕዝብ ስላለቀ ጉልበቱ ከአፍሪካ ተጋዘ። በቬንዙዌላ ዳርቻ ሸለቆዎች ሰፋፊ የካካዎ እርሻዎች በባሮች ተለሙ፤ በ1728 የእስፓኝ ንጉሥ የዚያን አገር ንግድ ጠቅልሎ ለካራካስ ኩባንያ ሰጠው። የሚያጣፍጠው ስኳርም ከካሪቢያን ደሴቶች የባሮች እርሻ ይመጣል። አፍሪካ የካካዎን ዛፍ ሳታይ ልጆቿ ለካካዎ ሞቱ።

እስከ 19ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ድረስ ቸኮሌት ማለት የሚጠጣ ነገር ነው። ችግሩ ቅባቱ ነበር። ከዘሩ ክብደት ግማሽ ያህሉ ቅባት ስለሆነ ከውኃ ጋር አይዋሃድም፤ ከላይ ይንሳፈፋል። በ1828 በአምስተርዳም ካስፓሩስ ቫን ሃውተን የካካዎውን ሊጥ ጨምቆ ቅባቱን የሚለይ መጭመቂያ አወጣና የባለቤትነት መብት ተሰጠው። ልጁ ኩንራድ ደግሞ ዱቄቱን ምሬቱን በሚቀንስ አልካሊ የማከም ዘዴ ጨመረ። በቀላሉ የሚበጠበጥ፣ ርካሽ የካካዎ ዱቄት ተገኘ። ተጨምቆ የወጣው ቅባትስ? በ1847 የብሪስቶሉ የፍራይ ኩባንያ ያን ቅባት መልሶ ከካካዎ ዱቄትና ከስኳር ጋር ለወሰው፣ በቅርጽ ማውጫ ውስጥ አፈሰሰው። ሲቀዘቅዝ ጠጠረ። የካካዎ ቅባት የሚቀልጠው በ34 ዲግሪ ገደማ፣ ከሰውነታችን ሙቀት ትንሽ ዝቅ ብሎ ነው፤ ስለዚህ እጅ ላይ ጠጣር የሆነው ቸኮሌት አፍ ውስጥ ይቀልጣል። ዛሬ ቸኮሌት የምንለው ነገር ልዩ ጠባዩ በሙሉ በዚህች የሙቀት ልዩነት ላይ የቆመ ነው።

ቀሪው በፍጥነት መጣ። በስዊዘርላንዷ ቨቬይ ሻማ ሠሪ የነበረው ዳንኤል ፒተር ወተትን ከቸኮሌት ጋር ለማዋሃድ ዓመታት ደከመ፤ የወተቱ ውኃ ቸኮሌቱን ያበላሽበት ነበርና። ወተቱን አስቀድሞ ውኃውን በማትነን በ1875 ተሳካለት። በ1879 በርን ላይ ሩዶልፍ ሊንት ሊጡን በከባድ መዳመጫ እስከ ሦስት ቀን ድረስ ወዲያ ወዲህ የሚያሽ ማሽን ሠራ፤ ምላስ ላይ የሚሻክረው ነገር ጠፋ። አሜሪካ ውስጥ ሚልተን ኸርሺ በ1900 የወተት ቸኮሌት በገፍ ማምረት ጀመረ። የ5 ሳንቲሙ ጥፍጥፍ ዋጋ እስከ 1969 ድረስ አልተለወጠም፤ የሚለዋወጠው ክብደቱ ነበር። የነገሥታቱ መጠጥ የሠራተኛ ልጅ ኪስ ገባ።

ርካሽ ቸኮሌት ርካሽ ካካዎ ይሻል። ፖርቱጋሎች በ1822 ከብራዚል ያመጡት ችግኝ በምዕራብ አፍሪካ ባሕረ ሰላጤ በፕሪንሲፔ ደሴት ተተከለ፤ ከዚያ ወደ ሳን ቶሜ ተሻገረ። ሁለቱ ደሴቶች በ20ኛው ክፍለ ዘመን መባቻ ከዓለም ዋና ዋና ካካዎ አምራቾች መካከል ነበሩ። ባርነት በሕግ ቀርቷል ይባል እንጂ ከአንጎላ ውስጥ ሰዎች እየተያዙ፣ የማያውቁት ውል እየተፈረመባቸው ወደ ደሴቶቹ ይጫናሉ። የተመለሰ ሰው አልነበረም ማለት ይቻላል። በ1901 ከእንግሊዙ የቸኮሌት ቤተሰብ ዊልያም ካድበሪ አንድ የሳን ቶሜ እርሻ የሚሸጥበትን ዝርዝር አየ፤ ከንብረቱ ጋር 200 ጥቁር ሠራተኞች በ3,555 ፓውንድ ተገምተው ተጽፈዋል። ካድበሪዎች ክዌከር የሚባለው የፕሮቴስታንት ወገን አባላት ነበሩ፤ የባርነት ተቃዋሚነት የሃይማኖታቸው አካል ነበር። ለሠራተኞቻቸው በበርሚንግሃም አጠገብ የአትክልት ቦታ ያለው ንጹሕ መንደር የሠሩ ሰዎች ናቸው።

ያም ሆኖ ከደሴቶቹ መግዛት ያቆሙት በ1909 ነው፤ ስምንት ዓመት ቆይተው። በመካከሉ ጋዜጠኛው ሄንሪ ኔቪንሰን በ1904 መጨረሻ ወደ አንጎላ ሄዶ የባሪያ ነጋዴዎችን መንገድ በእግሩ ተከተለ። በመንገዱ ዳር የሰው አጥንትና ከዛፍ ላይ የተሰቀሉ የእንጨት እግረ ሙቆች አይቶ ጻፈ። ካድበሪዎችም የራሳቸውን መርማሪ ጆሴፍ በርትን ልከው ነበር፤ እሱም ነገሩ እውነት ነው ብሎ ተመለሰ። «ስታንዳርድ» የተባለው የለንደን ጋዜጣ እያወቃችሁ ዝም አላችሁ ብሎ ሲጽፍ ካድበሪዎች በስም ማጥፋት ከሰሱ። ችሎቱ በታኅሣሥ 1909 በርሚንግሃም ተሰየመ። ዳኝነቱ ለካድበሪዎች ሆነ፤ ካሳው ግን አንድ ፋርዚንግ፣ ማለትም የአንድ ፔኒ ሩብ። ከዚህ በላይ ግልጽ ፍርድ ምን ይኖራል?

በዚያው ዘመን፣ ከሳን ቶሜ በባሕር ብዙም በማይርቀው ጎልድ ኮስት፣ የዛሬዋ ጋና፣ ፍጹም ሌላ ነገር እየሆነ ነበር። ቴቴ ኳርሺ ከአክራ የወጣ ቀጥቃጭ ነው። ለሥራ ወደ ፈርናንዶ ፖ ደሴት ሄዶ ዓመታት ቆየና ሲመለስ የካካዎ ዘር ይዞ መጣ። በ1879 በአኩዋፔም ተራራማ አገር፣ ማምፖንግ ላይ ተከለው። ከእሱ በፊት የባዝል ሚሲዮናውያን ሞክረው አልሆነላቸውም ነበር። የሱ በቀለ፤ ፍሬውን ለጎረቤቶቹ ሸጠ፤ ጎረቤቶቹም ለጎረቤቶቻቸው። በ1891 ከቅኝ ግዛቱ የወጣው ካካዎ 80 ፓውንድ፣ ማለትም 36 ኪሎ ያህል ነበር። ከ20 ዓመት በኋላ በ1911 ወደ 40,000 ቶን ደርሶ ጎልድ ኮስት ከዓለም አንደኛ ሆነ። ኳርሺ ይህን አላየም፤ የሞተው በ1892 ነው።

ይህን ያደረገ የአውሮፓ ኩባንያ አልነበረም፤ አነስተኛ ገበሬ ነው። ፖሊ ሂል የተባለችው ተመራማሪ በ1963 ባሳተመችው መጽሐፍ እንዳሳየችው የአኩዋፔም ሰዎች ገንዘብ አዋጥተው በማኅበር ከአኪም ባላባቶች ጫካ ይገዛሉ፤ መሬቱን በገመድ ለክተው እንደየመዋጮው ይከፋፈላሉ፤ ከመጀመሪያው እርሻ በተገኘው ትርፍ ወደ ምዕራብ ገፍተው ሁለተኛ ይገዛሉ። መንገድና ድልድይ በራሳቸው ገንዘብ አሠርተዋል። ካፒታል፣ ውል፣ የረጅም ጊዜ ውጥን፣ ሁሉም ነበራቸው። ይህ ሁሉ አፍሪካዊ ገበሬ ካልነገሩት አይንቀሳቀስም ይሉ በነበሩት የቅኝ ግዛት ሹማምንት ዓይን ሥር የተሠራ ነው። የኮርሌ ቡ ሆስፒታልና የአቺሞታ ትምህርት ቤት በ1920ዎቹ የተገነቡት ከካካዎ በተገኘ ገቢ ነው።

ካካዎውን የሚገዙት ግን ጥቂት የአውሮፓ ድርጅቶች ነበሩ። በ1937 ተሰብስበው እርስ በርስ ላለመወዳደርና ዋጋውን በጋራ ለመወሰን ተስማሙ፤ በዚያው ወቅት የዓለም ዋጋ ወደቀ። ገበሬው አልሸጥም አለ። ባላባቶቹ በየመንደሩ ነጋሪት አስጎሰሙ፤ ካካዎ የሸጠ ይቀጣል ተባለ። ከውጭ የመጣ ሸቀጥም አንገዛም ተባለ። ጆንያው በየቤቱ ተከመረ፣ የጭነት መኪናዎች ቆሙ፣ የድርጅቶቹ ሱቆች ጭር አሉ። ከኅዳር 1937 እስከ ሚያዝያ 1938 ድረስ አንድ ሙሉ የመኸር ወቅት እንዲህ አለፈ። የእንግሊዝ መንግሥት መርማሪ ኮሚሽን ላከ፤ ኮሚሽኑም የድርጅቶቹ ስምምነት እንዲቀር ሐሳብ አቀረበ። ዘሩን የለቀመው ሰው ገዢውን አስቆመው።

ሁለተኛው የዓለም ጦርነት መጣና መንግሥት ራሱ ብቸኛ ገዢ ሆነ። በ1947 የተቋቋመው የካካዎ ግብይት ቦርድ ለገበሬው ከዓለም ዋጋ ዝቅ ያለ ቁርጥ ዋጋ እየከፈለ ልዩነቱን ያጠራቅም ነበር፤ ገንዘቡ የሚቀመጠው ለንደን ነበር። በዚያ ላይ ግንድና ቅርንጫፍ የሚያሳብጥ የቫይረስ በሽታ ስለገባ መንግሥት የታመመውን ዛፍ በግድ ያስቆርጥ ጀመር። ገና የሚያፈራ ዛፉ ሲወድቅ ቆሞ ያየ ገበሬ ቁጣው አልበረደም። በየካቲት 1948 አክራ ላይ በተነሳው ረብሻ ውስጥ ይህ ቁጣም ነበረበት፤ ከዚያ ረብሻ በዘጠኝ ዓመቱ ጋና ነፃ ወጣች። የነፃነት ንቅናቄውን የመራውና ከነፃነት በፊትም መንግሥቱን የያዘው ንክሩማም ቦርዱን አላፈረሰም። በ1954 መንግሥቱ ለአንድ ሸክም 72 ሺሊንግ ብሎ ሲወስን ዋጋው ከዓለም ገበያ ከግማሽ በታች ነበር፤ የአሻንቲ ገበሬዎች በኩማሲ የተቃዋሚ ንቅናቄ ያቋቋሙት በዚያው ዓመት ነው። ትምህርት ቤቱም መንገዱም በገበሬው ገንዘብ ተሠርቷል፤ ገበሬውን የጠየቀው ግን የለም።

የጋናን ጎረቤት ኮትዲቯርን የመሩት ፌሊክስ ኡፉዌ ቧኒ ራሳቸው የካካዎ ባለ እርሻ ነበሩ፤ በ1944 የአፍሪካ ገበሬዎችን ማኅበር መሥርተው በ1946 በፈረንሳይ ፓርላማ የግዳጅ ሥራ እንዲቀር ያደረገውን ሕግ አቀረቡ። ሥልጣን ሲይዙ መሬት የአልሚው ነው አሉ። ከቡርኪና ፋሶና ከማሊ በሚሊዮን የሚቆጠር ሰው ወደ ደኑ ጎረፈ። አገሪቱ በ1970ዎቹ መጨረሻ ጋናን ቀድማ አንደኛ ሆነች፤ ዛሬም አንደኛ ናት። ደኑ ግን አብዛኛው አልቋል።

በ2001 የቸኮሌት ኩባንያዎች በአሜሪካ ምክር ቤት አባላት ግፊት በካካዎ እርሻ ላይ ያለውን አስከፊ የሕፃናት ጉልበት ብዝበዛ በ2005 ለማስወገድ ፈረሙ። ቀኑ ተራዘመ፤ ደግሞ ተራዘመ። በ2020 የቺካጎ ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች ባወጡት ጥናት በጋናና በኮትዲቯር ካካዎ ላይ የሚሠሩ ሕፃናት 1.56 ሚሊዮን ሆነው ተገኙ፤ ቆንጨራ ይዘው ፍሬ የሚሰነጥቁ፣ ከባድ የሚሸከሙ፣ መርዝ የሚረጩ ይገኙባቸዋል። አብዛኞቹ የሚሠሩት በወላጆቻቸው እርሻ ላይ ነው። አባትየው ሠራተኛ የሚቀጥርበት ገንዘብ የለውም። ሁለቱ መንግሥታት በ2019 ተባብረው በቶን ላይ 400 ዶላር ለገበሬው የሚጨመር ክፍያ ጠየቁ፤ ገዢዎቹ በአንድ በኩል ተስማምተው በሌላ በኩል ለጥራት ይከፍሉት የነበረውን ጭማሪ ቀነሱ።

ከዚያ 2024 መጣ። ዝናቡ ተዛባ፣ ያ የድሮው የቫይረስ በሽታ ተዛመተ፣ ያረጁት ዛፎች ነጠፉ። በ2020/21 ከአንድ ሚሊዮን ቶን በላይ ያመረተችው ጋና በ2023/24 ወደ ግማሹ ወረደች። የኒውዮርክ ዋጋ በታኅሣሥ 2024 በቶን ከ12,000 ዶላር አለፈ፤ ሁለት ዓመት ሳይሞላው ቀድሞ ከ3,000 በታች ነበር። የኮትዲቯር መንግሥት ለዚያ ወቅት ለገበሬው የወሰነው በኪሎ 1,800 ሴፋ ፍራንክ፣ ወደ 3 ዶላር ገደማ ነው፤ ኒውዮርክ ላይ ያው ኪሎ 12 ዶላር ሲያወጣ። ምርቱ አስቀድሞ በርካሽ ውል ተሸጦ ስለነበር የዋጋው ንረት አብዛኛው እርሻው ሳይደርስ ቀረ። በድንበር የሚሻገር ኮንትሮባንድ በዛ።

የታመመ ዛፍ ይነቀላል፣ አዲስ ችግኝ ይተከላል፣ ለመጀመሪያ ፍሬ ከሦስት እስከ አምስት ዓመት ይጠበቃል። በጋና ካካዎ አገር በእነዚያ ዓመታት ውስጥ ሌላ ገዢ ይመጣል፤ ካካዎ የማይፈልግ፣ ከመሬቱ ሥር ያለውን ወርቅ የሚፈልግ። ፈቃድ የለውም፤ ቆፋሪ ማሽን አለው፤ በዚያው ቀን ጥሬ ገንዘብ ይከፍላል። ብዙዎች መሬታቸውን ሰጥተውታል።